በፖቶማክ ወንዝ በማህደር ጀልባ

እኔ ባሕር ዳር ወደብ ላይ ከሃያ ዓመት በላይ የጀልባ ቲኬት የቆረጥኩ ሰው ነኝ። ጀልባ ላይ የተሳፈርኩት ግን ሁለት ጊዜ ብቻ ነው፤ ሁለቱንም ጊዜ ዓይኔን ጨፍኜ። አሜሪካ ደርሼ ስመለስ ጎረቤቶቼ «ምን አየሽ?» ብለው ከበቡኝ። «ጀልባ» አልኳቸው። ሳቃቸው ግቢውን ሞላው። «ጣና ደጅሽ ላይ ተኝቶ፣ ጀልባ ለማየት ነው ያን ሁሉ አገር ያቋረጥሽው?» አለችኝ አንዷ።

አዎ፣ ለዚያው ነው። ሦስት ሳምንት ቆይቻለሁ። ሁለቱ ሳምንት በክርስትና፣ በልደትና በገበያ አለቀ፤ እሱን የሄደ ሁሉ ይነግራችኋል። እኔ የምጽፈው ስለ መጀመሪያው ሳምንት ነው፤ ቪዛ ላላገኛችሁም፣ አግኝታችሁ መሬት ለመሬት ብቻ ለዞራችሁም።

እሑድ

አውሮፕላኑ ቅዳሜ ማታ ከአዲስ አበባ ተነስቶ እሑድ ጠዋት ዋሽንግተን አደረሰን። እግሬ አብጦ ጫማዬ አልገባ አለ። ገፍቼ፣ ረግጬ፣ ለምኜ ሲያቅተኝ በካልሲ ወጣሁ። ታላቅ ወንድሜን ጋሼ አሰፋን ካየሁት ብዙ ዓመት ሆኖኛል። ስንገናኝ ምን እንደምለው መንገዱን ሙሉ ሳሰላስል ነበር የመጣሁት። እሱ ግን ከራስ ፀጉሬ እስከ እግር ጥፍሬ ተመለከተኝና «ጫማሽን ለማን ሰጥተሽው መጣሽ?» አለኝ። ሳቅንም፣ አለቀስንም። ሚስቱ ሮማን የራሷን ጫማ አውልቃ አጫማችኝና በባዶ እግሯ መኪናውን ነዳች።

መንገዱ ሰፊ ነው፤ ሰው ግን የለበትም። ሄርንደንን አለፍን፣ ድልድይ ተሻገርን፣ ጫካ መሃል ገባን፣ እስከ ሲልቨር ስፕሪንግ ድረስ በእግሩ የሚሄድ አንድ ሰው አላየሁም። ባሕር ዳር ብሆን እስካሁን መቶ ሰው ሰላም ብዬ ነበር። «ሰዉ የት ሄዶ ነው?» ስል ጠየቅሁ። «ሥራ ነዋ» አለ ጋሼ። «ዛሬ እሑድ አይደል እንዴ?» ስለው «እሑድም ሥራ ነው» አለኝ።

ጋሼ ከተማው መሃል የአንድ መኪና ማቆሚያ ሕንፃ ኃላፊ ነው። ጥንቁቅ ሰው ነው፤ ቀበቶዬን እሱ አሰረልኝ፣ መታሰሩንም እጁን ዘርግቶ ሁለቴ ነካ ነካ አድርጎ አረጋገጠ። ቤት ገብተን ማዕድ እንደቀረበ ልጁ ማህደር ከሥራ መጣች። ስንለያይ የትምህርት ቤት ቦርሳ የምትጎትት ልጅ ነበረች። አሁን ትከሻዋ ሰፍቷል፣ ጥቁር ሰማያዊ ሸሚዝ ለብሳለች፣ ስታቅፈኝ መዳፏ ጀርባዬ ላይ ሻክሮ ተሰማኝ።

«ምን ላይ ነው የምትሠሪው የኔ ልጅ?» አልኳት።

«ትራንስፖርት ላይ ናት» አለ አባቷ ፈጠን ብሎ።

ማህደር አባቷን አየት አድርጋ ወደ እኔ ዞረች። «ቦት ላይ ነው አክስቴ። ፈጣን የሰው ማመላለሻ ቦት።»

ቦት ማለቷ ጀልባ ነው፤ የጠቀለልኩት ጉርሻ ከእጄ ወደቀ። ወንድሜ ሳህኑ ላይ አቀረቀረ።

ሰኞ

ማህደር ሰኞ ዕረፍቷ ስለሆነ ጫማ ልትገዛልኝ ይዛኝ ወጣች። ወላጆቿ በአማርኛ ሲያናግሯት በእንግሊዝኛ ነው የምትመልሰው። ከእኔ ጋር ግን አማራጭ የላትም፤ የእኔ እንግሊዝኛ ከ«ሃው ማች» አያልፍም። እናም መኪናዋ ውስጥ፣ እሷ እየነዳች፣ ጉዳዩን ሁሉ በምትችለው አማርኛ አስረዳችኝ።

ዩኒቨርሲቲ ባዮሎጂ ተምራ ጨርሳለች። የአባቷ ሐሳብ ፋርማሲስት እንድትሆን ነው። እሷ ግን በአንድ የክረምት ዕረፍት አሌክሳንድሪያ ወደብ ገመድ ለመያዝ ተቀጠረች፤ በዚያው ቀረች። ይኸው ሦስት ዓመት ሆናት። ጋሼ በዚህ ሁሉ ጊዜ አንድ ቀን ጀልባዋን ሊያይ አልሄደም። «ገመድ እንድትጎትት አይደለም ያስተማርኳት» ይላል አሉ።

«የካፒቴን ላይሰንሱን ፓስ አድርጌያለሁ» አለችኝ። «ግን ካምፓኒው ላይሰንስ ስላለሽ ብቻ ቦት አይሰጥሽም። ዋናው ካፒቴን አጠገብሽ ቆሞ ያይሻል። ኦኬ ካለ ብቻሽን ይለቅሻል። የእኔ ቅዳሜ ነው። ከዚያ ሲዝኑ ያልቃል፣ ቦቱ ለዊንተር ይታሰራል።»

«ኦኬ ባይልስ?»

«ለአባዬ ፕሮሚስ አድርጌያለሁ። በዚህ ሲዝን ካልሆነ ፋርማሲ ስኩል እገባለሁ። ተቀብለውኛል፣ እየጠበቁኝ ነው።»

«አንቺ ምን ትፈልጊያለሽ?»

ቀይ መብራት ላይ ቆመን ነበር። ሁለት እጇን ከመሪው ላይ አንስታ፣ አንዱን ወደፊት፣ ሌላውን ወደኋላ አድርጋ የማይታይ ነገር ገፋች። ጀልባዋን እያስጠጋች እንደሆነ የገባኝ በማግስቱ ነው።

ማክሰኞ

ጎህ ሳይቀድ ተነስተን ወደ አሌክሳንድሪያ ሄድን። ወደቡ የድሮ ሸክላ ቤቶች ካሉበት ሰፈር ግርጌ፣ ፖቶማክ ወንዝ ዳር ነው። ጀልባዋን ሳያት ለጊዜው ጀልባ መሆኗን ተጠራጠርኩ። የኛ ጀልባ ሆዷ አንድ ነው። ይቺኛዋ ሁለት ቀጫጭን ሆድ አላት፤ ጎን ለጎን ውሃው ላይ ተኝተው መስታወት በመስታወት የሆነ ቤት በጀርባቸው ተሸክመዋል። በመሃላቸው ውሃው ወለል ብሎ ያልፋል። ካታማራን ይሏታል። እያንዳንዱ ሆድ የራሱ ሞተር አለው፤ አንዱ ወደፊት ሲገፋ ሌላው ወደኋላ ከሳበ ጀልባዋ ባለችበት ትዞራለች።

የማህደር ጠዋት እንዲህ ነው። የወለሉን ክዳን ከፍታ ወደ ሞተሩ ትወርዳለች፣ ዘይት ታያለች፣ ትወጣለች። የነፍስ ማዳኛ ሰደርያዎቹን ታያለች። ሌሊት የወረደውን ጤዛ ከወንበሩም ከመስታወቱም ትጠርጋለች። ከዚያ በሩ ላይ ቆማ ተሳፋሪ በገባ ቁጥር በእጇ የያዘቻትን ትንሽ ቆጣሪ ቀጭ ታደርጋለች። እኔ ስገባም ቀጭ አደረገችኝ። የኛ ጀልባ ዶሮው፣ ፍየሉ፣ የጤፉ ማዳበሪያ ሁሉ ተደራርቦ «ሞላ!» ሲባል ነው የሚነሳው፤ ቆጥረን አናውቅም። ይቺ ግን ሰዓቷ ሲደርስ አንድ ሰው ብቻ ቢኖርባትም ትሄዳለች። በልቤ «ነዳጁ አያሳዝናቸውም?» አልኩ።

ተሳፋሪው ሁሉ የቢሮ ሰው ነው። ጆሮው ላይ ገመድ ሰክቶ፣ ቡናውን በእጁ ይዞ፣ ማንም ማንን ሰላም ሳይል ይቀመጣል። ከወደቡ ስንወጣ ጀልባዋ ቀስ ብላ ነበርና «ይኼው ነው ፈጣን የሚሉት?» ብዬ ተዝናናሁ። ድንገት ሞተሩ አገሳ። ሆዶቿ ከውሃው ቀና አሉ፣ ከኋላችን ነጭ አረፋ ተነሳ፣ የወንዙ ዳር ዛፎች ወደኋላ መሮጥ ጀመሩ። በላያችን አንድ አውሮፕላን እግሮቹን ዘርግቶ ወደ ማረፊያው ሲወርድ እኛም እሱን የምንሽቀዳደም መሰለኝ። ዓይኔን ልጨፍን አስቤ ነበር፤ እምቢ አለኝ። ሳላስበው እልል አልኩ! ሠርግ ላይ እንደምለው፣ ረዥሙን።

ተሳፋሪው ሁሉ ጆሮው ላይ የሰካውን እየነቀለ ዞሮ አየኝ። ምድር ብትከፈትልኝ ደስ ባለኝ፤ ከሥሬ ያለው ግን ውሃ ነው። አንድ ከረባት ያሰረ ሰውዬ አጨበጨበልኝ። ቀጥሎ ሌላው። ዋሽንግተን እስክንደርስ እርስ በርሳቸው እየሳቁ ሲያወሩ ሄዱ። ማህደር በኋላ «አክስቴ፣ ሦስት ዓመት ሙሉ እነዚህ ሰዎች ሲያወሩ አይቼ አላውቅም» አለችኝ።

ረቡዕ

ዝናብ ዋለ። ያም ሆኖ አልቀርም ብዬ ሄድኩ።

ዋናው ካፒቴን ሬይ የሚባል ረዥም፣ ሽበታም ሰው ነው። ወሬ አይወድም፤ ሲስማማም ሳይስማማም «ህም» ነው የሚለው፣ ልዩነቱን ማህደር ብቻ ናት የምታውቀው። ምሳ ሰዓት ላይ ዳቦውን ከፍሎ ዘረጋልኝ፤ በውስጡ ሥጋና አይብ አለበት። ረቡዕ መሆኑን በምን ቋንቋ ልንገረው? እጄን ደረቴ ላይ አድርጌ፣ ራሴን ነቅንቄ እምቢ አልኩ። ደነገጠ። ሆዴን ያመመኝ መስሎት ውሃ አመጣ፣ ወንበር አመጣ፣ ማህደርን ጠራ። ስትነግረው «ህም» ብሎ ሄደና ዝናቡ ውስጥ ከየት እንዳገኘው እንጃ፣ ሙዝና ኦቾሎኒ ይዞልኝ ተመለሰ። እኔም ከባሕር ዳር ያመጣሁትን ቆሎ አንድ እፍኝ ሰጠሁት። አፉ ውስጥ እንደመጣል ኪሱ ውስጥ ከተተውና ቀኑን ሙሉ እንደ መድኃኒት አንድ አንድ ፍሬ እያወጣ በላ።

እንዲህ ያለውን ደግ ሰው ቅዳሜ እፈራዋለሁ ብዬ አላሰብኩም ነበር።

ሐሙስ

ዝናቡ አባራ፤ ወንዙ ግን ደፍርሶ ግንድና ቅርንጫፍ ተሸክሞ ወረደ። እንዲህ ባለ ቀን ፈጣን ጀልባ መከራዋ ነው፤ አንዲት ግንድ ሞተሯ ውስጥ ከገባች የቀኑ ሥራ አለቀ። ስለዚህ ማህደር ከፊት ቆማ ውሃውን ስታይ ዋለች። በእጇ ወደ ግራ ወደ ቀኝ ስትጠቁም ካፒቴን ሬይ ከላይ ከመስታወት ክፍሉ ሆኖ ጀልባዋን ያዞራል። «እያሳሳቀ ይወስዳል እንደ ውሃ» የምንለው እውነት ነው፤ ከላይ ሲያዩት ፀሐይ ያረፈበት የዋህ ወንዝ ነበር።

ተሳፋሪ በሌለበት ሰዓት ልምምድ አደረጉ። ይሄን ማንም ቀድሞ አልነገረኝም። ከኋላ ተቀምጬ ኦቾሎኒዬን ስበላ ብርቱካንማ ልብስ የለበሰ ሰውዬ ከላይኛው ወለል ጧ ብሎ ውሃው ውስጥ ወደቀ። ኦቾሎኒውን በትኜ «ኡኡ! ኡኡ! ሰው ሰጠመ! ያገር ያለህ!» አልኩ። ወደብ ላይ የቆሙ ሰዎች ሁሉ ሮጡ። አንዱማ ጫማውን ማውለቅ ጀምሮ ነበር። ለካስ የወደቀው አሻንጉሊት ነው! ሰው ቢወድቅ እንዴት እንደሚያወጡት የሚለማመዱበት የጨርቅ ሰው። ማህደር በረዥም እንጨት ስባ አውጥታ እግሬ ሥር አስቀመጠችልኝ። ካፒቴን ሬይ ሆዱን ይዞ ሲስቅ ያየሁት ያን ቀን ነው።

ከዚያ መሪውን ለማህደር ሰጣት። ጀልባዋን ወደ ወደቡ ደጋግማ አስጠጋች። የኛዎቹ ሲያስጠጉ አንዱ ገመድ ይዞ ይዘላል፣ ጀልባው የመኪና ጎማ ላይ ገጭ ይላል፣ ሁላችንም «እሰይ!» እንላለን። እዚህ ግን ገጭ ማለት ነውር ነው። አሌክሳንድሪያ ላይ ነፋስ ከጎን ሲመታ ያቺ የመስታወት ቤት እንደ ሸራ ትገፋለች፤ የማህደርም ችግር እዚያ ላይ ነው። አንድ ጊዜ አሳምራ አስጠጋች። በሚቀጥለው ነፋሱ ገፋትና ጓ አደረገቻት። ከወንበሬ ተንሸራትቼ ወለሉ ላይ ተቀመጥኩ። ካፒቴን ሬይ «ህም» አለ። ማህደር ወደ ቤት ስንመለስ ቀይ መብራት ላይ እጇን ከመሪው አላነሳችም።

ዓርብ

እኔና ጋሼ ብቻችንን ስንሆን «ነገ ከእኔ ጋር ትሄዳለህ» አልኩት።

«ሥራ አለኝ።»

«የለህም፤ ሮማንን ጠይቄያታለሁ።»

«ጥሩዬ፣ ነገ ብታልፍ እኮ ዕድሜዋን ሁሉ ውሃ ላይ ልትሆን ነው» አለኝ። «እኔ ስንት ዓመት መኪና ማቆሚያ ውስጥ ጭስ የበላሁት እሷ ነጭ ጋዋን ለብሳ እንድትቀመጥ ነው። ሰው ልጅህ ምን ትሠራለች ሲለኝ ምን ልበል?»

«እንድትወድቅ ነው የምትጸልየው?»

«እኔ እንዲህ አልኩ?» ብሎ ጮኸ። ከዚያ ግን ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ባታልፍም ልጄ ናት፣ ታዝንብኛለች። ምን እንደምጸልይ ራሴም አላውቅም» አለ። በጣም አዘንኩለት።

በመጨረሻ ያሸነፈው እንግድነቴ ነው። እንግዳ ብቻውን አይላክም፤ ይሄን ጋሼም አይክድም። ግን ጉዱ ሌላ ነበር። ሮማን «ጥሩዬን ጀልባ ልናሳፍራት ነው» ብላ ለአንዲት የማኅበር ጓደኛዋ ደውላ ኖሯል። እሷ ለሌላዋ፣ ሌላዋ ውድብሪጅ ላሉት፣ እነሱ ሄርንደን ላሉት ደወሉ። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። የባሕር ዳሯን እንግዳ እኛም እናዝናናት የማይል አልነበረም።

ቅዳሜ

ማህደር ከላይ ከመስታወት ክፍሏ ሆና ወደ ታች ስታይ፣ ግማሽ ሲልቨር ስፕሪንግ ነጠላውን አጣፍቶ፣ ድፎ ዳቦውን ታቅፎ ወደ ጀልባዋ ሲመጣ አየች። ገመድ የምትይዘዋ አሜሪካዊት ልጅ ቆጣሪዋን ቀጭ ቀጭ ስታደርግ አውራ ጣቷን ደከማት። ማህደር ሮጣ ወርዳ ጆሮዬ ላይ «አክስቴ፣ ኦ ማይ ጋድ፣ ዛሬ? ሁሉም?» አለችኝ። ከዚያ አባቷን አየችው። እጁን ኪሱ ውስጥ ከትቶ የጀልባዋን ሁለት ሆዶች እያየ ነበር። ተመልሳ ወጣች። ካፒቴን ሬይም ተከትሏት ወጣ፤ ዛሬ ቆሎም አልተቀበለኝ።

መሄጃው ሠርግ ነበር። ዳቦው ተቆረሰ፣ የማናውቃቸው ቱሪስቶች ሁሉ ደረሳቸው። ፍጥነት ስትጨምር ሁሉም «ውይ! ውይ!» እያለ ሳቀ። ጋሼ ብቻ የወንበሩን ጠርዝ ጨብጦ ተቀምጧል። ዋሽንግተን ደርሰን፣ ሌላ ሰው ጭነን ተመለስን። ከሰዓት በኋላ ነፋስ ተነሳ። የአሌክሳንድሪያ ባንዲራዎች ከሩቅ ሲርገበገቡ አየሁ።

ድምፅ ማጉያው በእንግሊዝኛ፣ ጀልባዋ እስክትታሰር ማንም ከወንበሩ እንዳይነሳ ተናገረ። ሁላችንም ተቀምጠናል። ወደቡ ቀረበ፤ እዚያ የቆሙትን ሰዎች ፊት መለየት ጀመርን። ልክ በዚያን ጊዜ ሐጂ ይማም ከላይኛው ወለል በደረጃው ወረዱ።

ሐጂ ይማም የወሎ ሰው ናቸው፣ ውድብሪጅ ነው የሚኖሩት፣ ሰማንያን አልፈዋል። ነፋስ ልቀበል ብለው ሻያቸውን ይዘው ወጥተው ነበር፤ ተቀመጡ ሲባል ከኛ ጋር ሊቀመጡ መምጣታቸው ነው። መጨረሻው ደረጃ ላይ ሲደርሱ ወንድሜ ብድግ አለ። «ኖር!»

ጀልባው ሙሉ ሰው ብድግ አለ። እኔም ተነሳሁ፤ እግሬ እኔን አልጠየቀኝም።

«በአላህ ተቀመጡ!» አሉ ሐጂ።

«እርስዎ ሳይቀመጡማ! እዚህ ይምጡ ሐጂ።»

«የለም፣ የለም፣ እዚህ እኛ ዘንድ።»

«የማንንም ወንበር አልወስድም፣ ወላሂ! ተቀመጡ ልጆቼ።»

ገመድ ያዧ ልጅ «ሲት ዳውን፣ ፕሊዝ!» ብላ ጮኸች። ሁላችንም በትሕትና ፈገግ አልንላት። ማን ይቀመጣል? ትልቅ ሰው ቆሞ የሚቀመጥ ከኛ ወገን አልተወለደም። እሳቸውም ሌላውን አስነስተው የሚቀመጡ ሰው አይደሉም። ልጅቷ ትከሻዋ ላይ ባለችው ሬድዮ ወደ ላይ የሆነ ነገር ተናገረች። ወደቡ ሁለት ክንድ ያህል ቀርቶን ነበር። ያኔ ሞተሩ አገሳ፣ ከሥራችን ውሃው ፈላ፣ ጀልባዋ ወደኋላ ሸሸች።

ሁላችንም ተንገዳገድን። ሐጂ የደረጃውን ብረት ጨበጡ። ወደብ ላይ የቆሙት ሰዎች እያነሱ ሄዱ። ማህደር አስጠግታ፣ አስጠግታ፣ መጨረሻ ላይ ተወችው! ሐሙስ ያየሁት ጓ ያለው ነገር፣ ፋርማሲው፣ የማህደር የተዘረጉ እጆች፣ ሁሉም በአንድ ጊዜ መጣብኝ። አለቀ፣ እኛው ራሳችን ጣልናት አልኩ። ወንድሜን አየሁት። ፊቱ አመድ መስሏል። ምን እየጸለየ እንደሆነ ያን ጊዜ በደንብ አወቅሁ።

ድምፅ ማጉያው ተንኮሻኮሸ። በአማርኛ ነበር።

«ሐጂ፣ እባክዎ ደረጃው ላይ ቁጭ ይበሉ። አሁን። አባዬ፣ አንተም ቁጭ በል። ሁላችሁም ቁጭ በሉ። ካፒቴኗ እኔ ነኝ፤ እናንተ ካልተቀመጣችሁ አላስጠጋም።»

ለትልቅ ሰው እንዲህ ብላ ስታዝዝ የሰማት የለም። ሮማን አፏን በእጇ ያዘች። ሐጂ ይማም ግን «ካፒቴን ካለችማ አበቃ!» ብለው ደረጃው ላይ ቁጭ አሉና ሻያቸውን ጉልበታቸው ላይ አደረጉ። ከዚያ እኛም እንደ ተማሪ አንድ ላይ ተቀመጥን። ጋሼ ብቻ ለጥቂት ጊዜ ቆሞ ድምፁ ወደ መጣበት ወደ ጣሪያው አየ። ከዚያ ተቀመጠ፤ ሁለት እጁንም ጭኑ ላይ አደረገ።

ጀልባዋ እንደገና ጀመረች። ነፋሱ ከጎን ገፋን። አንዱ ሞተር ወደፊት፣ ሌላው ወደኋላ ሲሉ ከእግሬ ሥር ተሰማኝ። ወደቡ መጣ፣ መጣ፣ ቆመ። ጓ የሚለውን ስጠብቅ ገመዱ ታስሮ ነበር። ደርሰን ኖሯል!

እልልታው ወንዙን ተሻግሮ ሳይሰማ አልቀረም። ያን ቀን ግን እኔ አልነበርኩም የጀመርኩት፤ ሮማን ናት።

ሰዉ ወረደ። ሐጂ ሲወርዱ ወደ መስታወቱ ክፍል ቀና ብለው መረቁ። እኔ አልወረድኩም፤ ካፒቴን ሬይ ምን እንደሚል ሳላይ የት እሄዳለሁ? እሱም በደረጃው ወረደ፣ አጠገባችን ደረሰ፣ «ህም» እንኳን ሳይል አለፈን። ወደቡ ላይ ወጥቶ ጀርባውን ሰጥቶን ቆመ። አዲሶቹ ተሳፋሪዎች ገቡ፤ ቆጣሪዋ ቀጭ ቀጭ አለች። በሩ ሊዘጋ ሲል ካፒቴን ሬይ ዞረ። ጎንበስ ብሎ ገመዱን ከብረቱ ላይ ራሱ ፈታና ለልጅቷ ወረወረላት። ጀልባዋ ከወደቡ ተላቀቀች፤ እሱ ግን እዚያው ቀረ። ከኪሱ አንድ ነገር አውጥቶ ቅም ሲያደርግ አየሁት።

«ጋሼ! ሰውዬው ቀረ እኮ! ብቻዋን ለቀቃት!» አልኩና ክንዱን ነቀነቅሁት።

ጋሼም አልወረደም ነበር። ከፊታችን የተቀመጡ ፀጉራቸው ነጭ የሆነ አሜሪካዊት አሮጊት ፈርተው ግማሽ ተነስተው ነበርና እሳቸውን ነበር የሚያየው። ሴትዮዋ ወደ እሱ ዞረው የሆነ ነገር ጠየቁት፤ ጀልባው ያናውጣል ወይ ያሉት መሰለኝ። ወንድሜ ይህን ሁሉ ዓመት እዚያ አገር ኖሮ፣ እንግሊዝኛ እንደ ውሃ እየጠጣ፣ በአማርኛ መለሰላቸው።

«አይዞዎት እማማ፣ ቁጭ ይበሉ። የምትነዳው ልጄ ናት።»

አንድም ቃል አልገባቸውም። ፊቱን አዩትና ቁጭ አሉ።